የኦሊቭ ተራ

ሀል፣ ማርች 6 ቀን 2006

ኦሊቭ፣

አዎ፣ የጻፍኩት እኔው ነኝ። እጄን የያዘልኝ ሰው የለም፤ ጎረቤትም አላስጻፍኩም። በገና ካርዱ ላይ ያለው ጽሕፈት የማን ነው ብለሽ መጠየቅሽ ገርሞኛል። እንዲያ የተንጋደደ ፊደል ከእኔ በቀር ማን ይጽፋል? አርኖልድ ሞቶ መበለት ከሆንኩ በኋላ ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ማክሰኞ ማክሰኞ ለሽማግሌዎች የሚሰጠውን የንባብ ትምህርት ገባሁ። እሱ በሕይወት እያለ አልገባሁም፤ የመጣውን ወረቀት ሁሉ ሲያነብልኝ ደስ ይለው ነበርና ደስታውን ልቀማው አልፈለግሁም። አሁን ጋዜጣ አነባለሁ። ያመለጠኝ ነገር ብዙ ይመስለኝ ነበር። ምንም አላመለጠኝም።

ወደ ጉዳዬ ልግባ። ልጆች ሳሉ ቅዳሜ ቅዳሜ ማታ ቴሌቪዥን ፊት ተደፍተው «ዘጠነኛው ወደብ»ን ያዩ የነበሩ ሰዎች ዛሬ ፀጉራቸው አልቋል፤ ገንዘብ ግን አላቸው። ያቺ በከዋክብት መካከል የምትባዝን መርከብ ወደብ አግኝታ እንድታርፍ አይፈልጉም። ስለዚህ ሩፐርት ፔል የሚባል የለንደን ሰው ታሪኩን በድምፅ ብቻ እየሠራ በሲዲ ይሸጥላቸዋል። የዘንድሮው ደግሞ ከዳር እስከ ዳር ዘፈን ነው። መርከበኞቹ ወደብ ለመግባት ፈቃድ ሲጠይቁ ይዘፍናሉ፣ ሲጣሉ ይዘፍናሉ፣ ሲሞቱም ይዘፍናሉ። ይህን ያሰብኩት እኔ አይደለሁም።

ፔል የማዕበሉን ሚስት ይፈልጋል። እኛን ማለት ነው። ያቺ ማንም መልኳን ያላየውን፣ በአንድ ድምፅ ጠይቃ በሌላ ድምፅ ራሷ የምትመልሰውን፣ መልሷን የሰማ መርከበኛ በር ከፍቶ ወደ ጨለማው የሚወጣባትን ሴት። ቤቴ ድረስ መጥቶ ሻይ ጠጣ፣ ኬኬን በላ፣ ከዚያ «ሚስስ ክሌግ፣ እርስዎም አብረው እንደዘፈኑ ያወቅሁት በቅርቡ ነው፤ ቴሌቪዥኑ ላይ ያለፈው ስም የእህትዎ ብቻ ነበር» አለኝ። ውሉን የፈረመችው እሷ ናት አልኩት። እኔ መፈረም አልችልም ነበር። ሠላሳ ዓመት አንቺን ፈርሚልን እያሉ በየአዳራሹ ሲያንቆለጳጵሱሽ እኔ ዓሣ ማጨሻ ቤት ውስጥ ጭስ ስበላ ኖርኩ። አልተቆጣሁም። ተቆጥቼም ከሆነ አልፏል። አላለፈም፤ ግን አሁን የመጣሁበት ጉዳይ እሱ አይደለም።

ሁለታችንም፣ አለዚያ ማናችንም አልኩት። ቀረጻው በሜይ መጨረሻ ነው። ለንደን አልሄድም ስላልኩት እዚሁ ሀል ስቱዲዮ ተከራይቷል። በመርከብም በባቡርም ብለሽ ነይ።

ደግሞ ለምንድን ነው ስልክ የማታነሺው? በደወልኩ ቁጥር ባልሽ ማግነስ ያነሣና «ከብቶቹ ዘንድ ናት» ይለኛል። ስንት ከብት ነው ያላችሁ? ከሳች ሲሉም ሰምቻለሁ፤ ያ ሳልሽ አልለቀቀሽም?

ቲርዛ


ስትሮምነስ፣ ማርች 19 ቀን 2006

እታለም ቲርዛ፣

እንደምን ከረምሽ? እኛ ደኅና ነን። ነፋሱ የዶሮ ቤቱን ጣራ ነቅሎ የጎረቤት ማሳ ላይ ጣለው እንጂ ሌላው ሁሉ ደኅና ነው። ስለ ስልኩ ይቅር በይኝ። መስመሩ ነፋስ በተነሣ ቁጥር ይንጫጫል። ደብዳቤ ይሻለናል። ድሮ አንቺ ማንበብ ስለማትችይ ደብዳቤ አልጽፍልሽም ነበር፤ አሁን ስትችይ ለምን ይቅርብን? ጽሕፈትሽን ወድጄዋለሁ። እየተራመድሽ የምትጽፊ ይመስላል።

ከሳች ብላ የነገረችሽ የማግነስ እህት መሆን አለባት። ሰው ሲያረጅ ይቀንሳል። ያ ሳልም ለቆኛል፤ ስለ እሱ አታስቢ።

የማዕበሉ ሚስት ትዝ አለችኝ። ዳይሬክተሩ «ሰው ሰምቶት የማያውቅ ዜማ ስጡኝ» ሲለን የዓሣ መረብ ሠሪዎቹን ዜማ ሰጠነው፤ ከእናታችን ጋር ለሥራ በቆምን ቁጥር ስንሰማው ያደግነውን። የስቱዲዮው ኮሪደር ላይ ጀርባ ለጀርባ ያቆመንና አንቺ ታወጪያለሽ፣ እኔ እቀበላለሁ። የመጨረሻው ስንኝ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ እጁን ያነሣና ያቆመኛል፤ መርከበኛው ሳልጨርስ በሩን ስለሚከፍት። ስለዚህ መልሱን ጨርሼው አላውቅም።

ሜይ ላይ መምጣት አልችልም። በጎቹ የሚወልዱበት ጊዜ ነው፤ የማግነስም ጉልበት አልታዘዝ ብሎታል። ደግሞም አርጅተናል። ስለዚህ ተራዬን ሰጥቻለሁ። ፔል አንዲት ወጣት ይፈልግና እሷ ትዝፈነው።

ስቱዲዮው የት ነው ያለው?

እህትሽ ኦሊቭ


ሀል፣ ኤፕሪል 2 ቀን 2006

ኦሊቭ፣

ተራዬን ሰጥቻለሁ ብለሽ ስትጽፊ ትርጉሙን እያወቅሽ ነው?

ወይስ ደሴት ላይ ብዙ ስትኖሪ ረሳሽው? ላስታውስሽ። መረብ ቤቱ ውስጥ ሴቶቹ በረድፍ ቆመው እየጎነጎኑ ሲዘፍኑ እያንዳንዷ የራሷ ስንኝ ነበራት። አንዷ ብትታመም፣ ብትወልድ፣ ወይም ባሏን ባሕር በልቶባት ቤት ብትቀር፣ ተራዋ ሲደርስ ሁሉም ዝም ይላሉ። ዝምታው ስንኙን ያህል ይቆያል፤ ከዚያ ቀጣይዋ ትቀጥላለች። የሌላዋን ተራ መሙላት ነውር ብቻ አልነበረም። ኔሊ ስታምፕ ለቀልድ ብላ የኤቲን ተራ ዘፍናላት የለም? ኤቲ ጥርሷን ልታስነቅል ሄዳ ነበር የቀረችው። ከዚያ ወዲያ ማን አያት? እናታችን ስትነግረን የኤቲ ባል እንኳ «እዚህ ቤት ሴት ነበረች እንዴ?» ይል ነበር። እኛ ጥጉ ላይ ተቀምጠን እንስቅ ነበር።

አንዲት ሴት በገዛ አፏ ተራዬን ሰጥቻለሁ የምትለው አልጋዋ ላይ ሆና ቄሱ ደጅ ሲቆም ነው። አንቺ እየሞትሽ አይደለም፤ በግ እያዋለድሽ ነው። ስለዚህ የገባኝ እንዲህ ነው፦ ለእኔ መሞት ነው የፈለግሽው። ይሁን። ግን በወጣት ሴት አፍ አትሞቺብኝም።

ለፔል ነግሬዋለሁ። የራሴን እዘፍናለሁ፤ ያንቺ ተራ ሲደርስ ዝም እላለሁ። ወጣት ካመጣ ኮቴን ለብሼ እወጣለሁ። በማሽን የእኔኑ ድምፅ እጥፍ አድርጎ እንዲሞላውም ጠይቆኝ ነበር። ያንንም አልፈቀድኩም። ጁን እስኪገባ ጊዜ አለሽ ብሏል።

ስቱዲዮው የት ነው ላልሽው፣ ሄስል መንገድ፣ የድሮው መረብ ቤት ላይኛው ፎቅ ነው። አሁን ሥዕል የሚሥሉ ልጆች ተከራይተውታል፤ ላይኛውን ማንዲፕ የምትባል የድምፅ ባለሙያ ይዛዋለች። መረቡ ይወጠርባቸው የነበሩት መንጠቆዎች አሁንም ግድግዳው ላይ ናቸው። ኮት ይሰቅሉባቸዋል።

ቲርዛ


ስትሮምነስ፣ ኤፕሪል 11 ቀን 2006

እታለም፣

አልጣልኩሽም። እንዲህ ብለሽ ማሰብሽ እህል አላስበላኝ አለ። ልነግርሽ የሚገባኝ ነገር አለ፤ ዛሬ ግን አልችልም። በእግዚአብሔር ይሁንብሽ፣ አትጠይቂኝ።

አንድ ነገር ብቻ ለምኜሻለሁ። ላይኛው ፎቅ ላይ አትዝፈኚ። ሌላ ስቱዲዮ ይከራይ። እዚያ ቤት ውስጥ ተራ የሚጠብቁ ብዙ ናቸው፤ እኔ በሌለሁበት የእኔን ክፍት አትተዪላቸው።

ካልሲ ልኬልሻለሁ፣ ከራሳችን በግ ሱፍ ነው።

ኦሊቭ


ሀል፣ ሜይ 29 ቀን 2006

ኦሊቭ፣

ካልሲው ደርሶኛል። አንዱ ከሌላው ይበልጣል። ላይኛው ፎቅ ላይ አትዝፈኚ ብለሽኝ ነበር፤ እዚያው ነው የዘፈንኩት። ፔል የቤቱን ኪራይ ቀድሞ ከፍሏል፤ «የሞቱት መረብ ሠሪዎች ስለሚሰሙኝ ቦታ ቀይርልኝ» ልበለው? የዕብደት ወረቀት ያመጣልኝ ነበር።

ሰዎቹ ክፉ አይደሉም። እያንዳንዳችንን መስታወት ባለው ሳጥን ውስጥ አስገብተው ጆሯችን ላይ ማዳመጫ ደፉብን። ከፊታችን ጽሑፉ ተዘርግቷል። ገጽ ስትገልጪ ወረቀቱ እንዳይንኮሻኮሽ ቀስ ብለሽ ወደ ጎን ታነሺዋለሽ። አፍ ሲደርቅ የሚላወስ ድምፅ ስለሚያወጣ በየመካከሉ አረንጓዴ ፖም እየቆራረጡ ያድሉናል፤ እንደ ፈረስ። እኔ በጣቴ እየተከተልኩ አነበብኩ። ማንም አልሳቀም። የመርከቧን አዛዥ የሚጫወተው ልጅ፣ መልከ መልካም ነው፣ «እማማ፣ ሲዘፍኑ አይደለም፣ ዝም ሲሉ ነው የሚያስፈሩኝ» አለኝ። ዝም የምለው እኔ አይደለሁም፣ እህቴ ናት አልኩት።

ቀረጻው ሁሉ ሲያልቅ ማንዲፕ የክፍሉን ዝምታ ልቅዳ አለች። የሙያቸው ደንብ ነው። እያንዳንዱ ክፍል የራሱ ዝምታ አለው፤ በዘፈንና በንግግር መካከል ባዶ ቦታ ሲኖር የዚያው ክፍል ዝምታ ካልተነጠፈበት አድማጩ ሲዲው የተበላሸ ይመስለዋል። ሁላችንም እንደ ቆምን ደርቀን ቀረን። የአዛዡ ሆድ ጮኸ፣ ተሳቀ፣ እንደገና ተጀመረ። ሁለተኛው ሲያልቅ ማንዲፕ ማዳመጫዋን አውልቃ ከመስታወቱ ማዶ «ማነው ያንጎራጎረው?» አለች።

ማንም አላንጎራጎረም። እሷም መልሳ ሰማችውና የውሃ ቧንቧ ነው አለች። እኔም ቧንቧ ነው አልኩ። ሌላ ምን ልበል?

እሺ፣ የልብሽን ካልነገርሽኝ ተዪው። ጁን እስኪገባ ግን ጥቂት ቀን አለ።

ቲርዛ


ሀል፣ ጁን 14 ቀን 2006

ኦሊዬ፣

አንቺ ሌባ።

ሲዲው ዛሬ ጠዋት በፖስታ ደረሰ። የመጨረሻው ትዕይንት ገና አልተቀናበረም፤ ሌላው ሁሉ ግን አለ። ከሱ ጋር ፔል የጻፈው «እህትዎ ድንቅ ናቸው» የሚል ወረቀት ነበረበት። ምን ይቀባጥራል ብዬ አጫወትኩት። የራሴን ሰማሁ፤ እንደ ዛገ በር ነኝ። ከዚያ ተራሽ ሲደርስ፣ መጣሽ።

ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ። የት ሄደሽ ነው የዘፈንሽው? አበርዲን? ፔል አንድም ቃል አልተነፈሰልኝም። በግ እያዋለድኩ ነው፣ ጉልበት ምናምን እያልሽ አሞኘሽኝ። ሦስተኛው ስንኝ ላይ አሁንም ትጎተቻለሽ፤ እናታችን በመረብ መስፊያው ጀርባሽን የምትነካሽ ቦታ ላይ። ድምፅሽ አላረጀም፤ ቅንጣት አላረጀም። ቅናት ያዘኝ፣ ከዚያ አለቀስኩ፣ ከዚያ ባቄላዬ አረረ።

ጎረቤቴን ዊኒን ጠርቼ አሰማኋት። ሳይጨርስ ተነሥታ ወደ በሩ ሄደች። ወዴት ነው ብላት እሷም አላወቀችም፤ ልጄ የጠራችኝ መሰለኝ አለች። ልጇ ካናዳ ነው ያለችው።

ለአንቺም እንደተላከ ፔል ጽፏል። አብረን የዘፈንነውን አብረን ሰማን ማለት ነው። እስከ ዛሬ የጻፍኩልሽን ክፉ ክፉውን ከምድጃ ውስጥ ክተቺው።

ታላቅሽ ቲርዛ


ስትሮምነስ፣ ጁን 21 ቀን 2006

እታለም፣

ደብዳቤሽን ደጋግሜ አነበብኩት። እንዲህ ደስ ብሎሽ ከልጅነታችን ወዲህ አላውቅሽም። ስለዚህ የሚከተለውን መጻፍ ከበደኝ።

አልዘፈንኩም። አበርዲን ሄጃለሁ፤ ለመዝፈን ግን አልነበረም፤ ደግሞም ካቻምና ነው። ያ ሳል ሳል ብቻ አልነበረም። ማንቁርቴን አወጡት። ከዚያ ወዲህ የምተነፍሰው አንገቴ ላይ ባለው ቀዳዳ ነው። መናገር ስፈልግ የጢም መላጫ የምታክል መሣሪያ አገጬ ሥር እደግናለሁ፤ ቃሉን እኔ በአፌ እሠራለሁ፣ ጩኸቱን እሷ ትሰጠኛለች። የሰፈር ልጆች ከቴሌቪዥን የወጣሁ ማሽን ያደርጉኛል፤ «እማማ ኦሊቭ፣ ምድርን ላጠፋ መጣሁ በይልን» ይሉኛል። እላቸዋለሁ። ደስ ይላቸዋል።

ማግነስ «ከብቶቹ ዘንድ ናት» ሲልሽ አጠገቡ ቆሜ ነበር። እንዲዋሽልኝ የለመንኩት እኔ ነኝ። ያንን ጩኸት የእህቴ ድምፅ ነው ብለሽ እንድትሰሚው አልፈለግሁም። ተራዬን ሰጠሁ ያልኩሽም በዚህ ምክንያት ነው እንጂ ላንቺ ለመሞት አልነበረም።

ሲዲው ላይ ያለው ግን የእኔ ድምፅ ነው። የድሮው፣ የገዛ ራሴ። ማግነስ ወጥ ቤት ሆኖ ሰማው። ሦስተኛው ስንኝ ላይ ተነሥቶ በሩን ከፈተና ኮት እንኳ ሳይደርብ ወጣ። የጀልባ መቆሚያው ጫፍ ላይ፣ ውሃው እግሩን እየነካው አገኙት። ምን ሆንክ ሲሉት «ሚስቴ ጠራችኝ» አለ። እኔ ከኋላው ነበርኩ። እጁን ይዤው ነበር፣ እታለም።

ከዚያ ወዲህ ነገሩ ተበላሽቷል። ማግነስ ረፋድ ላይ ገበታ የሚያቀርበው ለአንድ ሰው ነው። ክፋት የለውም፤ ሳስታውሰው ይደነግጣል፣ ይቅርታ ይጠይቃል፣ በማግስቱ እንደገና አንድ ሳህን። እሑድ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ አንዲት ሴት መጥታ ጭኔ ላይ ልትቀመጥ ነበር። ዶሮዎቹም ስመጣ አይሸሹም፣ አይመጡም። ኤቲ ትዝ ትለኛለች።

ፔል የመጨረሻውን ትዕይንት ጁላይ ላይ እናቀናብራለን ብሎ ጽፎልኛል። ሲዲው ላይ ያለችው የመጨረሻውን ስንኝ ገና አልዘፈነችም። ከዘፈነችው ተራዬ ሞላ ማለት ነው፤ ያን ጊዜ ማግነስ የሚቆጥበው ሳህን ብቻ አይሆንም።

ተራዬን ሰጠሁ ያልኩትን መልሻለሁ። አልሰጠሁም። በገዛ ድምፄ መናገር ስለማልችል አንቺ ንገሪልኝ።

ኦሊቭ


ሀል፣ ጁን 27 ቀን 2006

ኦሊ፣

ካቻምና። በመካከሉ ገና አልፏል፤ ካርድሽ ላይ የበግ ሥዕል ነበር፣ «ሁሉ ሰላም ነው» ይል ነበር። ስለዚህ ጉዳይ የምለው ብዙ አለኝ። ሌላ ቀን ተቀምጬ በደንብ እሰድብሻለሁ። ዛሬ ጊዜ የለንም።

ደብዳቤሽን እንዳነበብኩ መረብ ቤቱ ሄድኩ። ፔልም እዚያው ነበር። ያንን ድምፅ አውጡት አልኩ። ፔል ወንበር አቀረበልኝ፤ ሰው እንቢ ሊልሽ ሲል ወንበር ያቀርባል። ሥራው ውስጥ ካለው ሁሉ ምርጡ እሱ ነው፣ ደንበኞቹ ያለቅሳሉ፣ ማተሚያ ቤቱ ቀን ቆርጧል እያለ አወራኝ። ውሉን ከኪሴ አወጣሁና አልፈረምኩትም አልኩት። ደነገጠ፤ የፈረምኩ መስሎት ኖሯል። «ዱሮ መፈረም ስለማልችል ዝም አልኩ። አሁን እችላለሁ፤ ስለዚህ አለመፈረምም እችላለሁ» አልኩት። ከዚያ በኋላ ማዳመጥ ጀመረ።

ማንዲፕን ድምፁን ማን አመጣልሽ ስላት ፔል ያመጣው መስሏት ነበር። ፔል ደግሞ አንቺ ለማንዲፕ የላክሽ መስሎት ነበር። ልጅቷ ከነጭ ወረቀት ነጣች። ማሽኑ ላይ እያንዳንዱ ዘፋኝ የራሱ መስመር አለው፤ የኔን ዘጋችው፣ የአዛዡን ዘጋችው፣ የሙዚቃውን ዘጋችው። አንድ በአንድ ሁሉም ጠፋ። የቀረው የክፍሉ ዝምታ ብቻ ነበር። ሲዲው ላይ ያለችው እሱ ውስጥ ናት። ተራሽ ላይ ያነጠፉት ያንኑ ነው።

አንሺው አልኳት። ካነሣሁት ቦታው ድርቅ ይላል፣ ሞቶ ነው የሚሰማው አለች። ሞቶ የሚለውን ቃል አልወደድኩትም። ተቀምጬ አሰብኩ። ባሏ ሲሰጥም ጊዜ ሃና ድሬውሪ ምን እንዳደረገች ታስታውሻለሽ? ቤት አልቀረችም። በማግስቱ መጥታ ቦታዋ ላይ ቆመች፤ ድምፅ አልወጣት አለ። ተራዋ ሲደርስ ዝም ብላ ጎነጎነች። ያኔ ማንም ተራው ባዶ ነው አላለም። መጥታ የቆመች ሴት ዘፍናለች ነው የተባለው።

ስለዚህ የዚህን ቤት ዝምታ አንፈልገውም፤ ያንቺን እንፈልጋለን። ማንዲፕ ትንሽ መቅጃ በፖስታ ልካልሻለች። ወጥ ቤትሽ ውስጥ ቁጭ በይ፣ ቀዩን ተጫኚ፣ እኔ ሳወጣ በልብሽ ስሚኝ፣ ተራሽ ሲደርስ ተንፍሺ። ሰዓቱን አታቁሚ፣ መስኮቱንም አትዝጊ። የመጨረሻውን ስንኝ ሳትጨርሺ ግን አትነሺ። ማን ቢጠራሽም።

ቲርዛ


ስትሮምነስ፣ ጁላይ 5 ቀን 2006

እታለም፣

መቅጃው ደርሷል፤ ለጥቂት ነው። ፖስተኛው ፊት ለፊቴ ቆሞ «ቤት ውስጥ ሰው የለም» የሚለውን ወረቀት ሲሞላ ክንዱን ያዝኩት። ነፋስ የነካው ያህል ዘወር አለ። ቆይቶ ነው ያየኝ።

ማግነስን ከውሻው ጋር ወደ ባሕሩ ሰደድኩና ተቀመጥኩ። አንቺን በልቤ አስጀመርኩሽ። አልጠፋሽብኝም፤ እንዲያውም ጮክ አልሽብኝ። የመጀመሪያው ተራ ላይ ተነፈስኩ። ሁለተኛውም ላይ። ሦስተኛው ላይ የደጁ በር እጀታ ዞረ። ማግነስ አልነበረም፤ እሱን በመስኮት አየዋለሁ፣ ሩቅ ነው። እጀታው እንደ ዞረ ቆመ፣ ሰው ከውጭ ይዞት እንደሚያዳምጥ።

መነሣት አማረኝ፣ እታለም። ለምን እንዳማረኝ አላውቅም። ደጅ ያለችው እኔ ብሆንስ የሚል ሐሳብ መጣብኝ፤ ውጭ ብርድ ነው፣ ላስገባት። ጠረጴዛውን ጨብጬ የመጨረሻውን ስንኝ ተነፈስኩት፤ በሕይወቴ ጨርሼው የማላውቀውን፣ እስከ ጫፉ። ስጨርስ እጀታው ወደ ቦታው ተመለሰ።

ስትሰሙት የእጀታው ድምፅ ካለ ንገሪኝ። ከሌለም ንገሪኝ።

ኦሊቭ


ሀል፣ ጁላይ 17 ቀን 2006

ኦሊ፣

እጀታው አለ። በደንብ ይሰማል። ማንዲፕ ልታጠፋው ፈልጋ ነበር፣ ተዪው አልኳት።

ማግነስ በር ክፍት እየተውሽ ብርድ ታስመቺናለሽ ብሎ ቀኑን ሙሉ ተቆጣኝ ማለትሽን ያለፈው ሳምንት ደብዳቤሽ ላይ ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። ይቆጣሽ። ሳህኑን ከሰበርሽበትም ይቆጣሽ። ዶሮዎቹ እንደገና መሸሻቸውም ደግ ነው።

የመጨረሻው ትዕይንት ተቀናብሯል። እንዴት ሆነ ብለሽ ለጠየቅሽኝ፣ እንዲህ ነው። እኔ አወጣለሁ። ከዚያ ሰዓትሽ ይመታል፣ ነፋሳችሁ ይገባል፣ አንቺ ትተነፍሻለሽ፤ ቀዳዳው ላይ ትንሽ ያፏጫል። ደግሜ አወጣለሁ፣ ትመጫለሽ። ሦስተኛው ላይ እዚህም ትጎተቻለሽ። መጨረሻው ላይ ሲደርስ ማንም ወንበሩን አልለቀቀም፤ ፔል እንኳ ሁለት እጁን ጭኑ መካከል ከትቶ አንገቱን ደፋ። ሲያልቅ «ይህ ከፊተኛው ይልቅ ያስፈራል» አለ። አያስፈራም፣ እህቴ ናት አልኩት። ከዚያ ፈረምኩ።

አሁን ደግሞ እኔ የደበቅሁሽን ልንገርሽ፤ ከእንግዲህ መደባበቅ ይብቃን። ማንዲፕ የመረብ ቤቱን ዝምታ ከማጥፋቷ በፊት አንዴ አሰሚኝ አልኳት። አንቺ የለሽበትም። ጥርግ ብለሽ ወጥተሻል። ግን ባዶ አልነበረም። አንዲት ሴት ታወጣለች፣ ከዚያ ዝም ትላለች፣ ከዚያ ታወጣለች። የዱሮ ድምፅ አይደለም፤ የዛሬው የእኔ ነው፣ ከነዝገቱ። ማንዲፕ የእርስዎ መስመር ሳይዘጋ ቀርቶ ነው አለችና ማሽኑ ላይ ልታየው ጎንበስ አለች። ተዘግቶ ነበር። የመጨረሻው ስንኝ ላይ ሳይደርስ ቆረጠችው፤ አጠፋችውም። ክፍሉን ግን ማጥፋት አይቻልም።

ዳቦ ቤቱ ውስጥ ዛሬ ከኋላዬ ያለችውን ቀድመው አስተናገዱ። አውቶቡሱም እጄን ዘርግቼ አልቆመልኝም። ዱሮም ብዙ አያዩኝም ነበርና መለየት ይቸግረኛል። ዊኒ ግን ትናንት በር ከፍታ ፊቴን አይታ «ምን ነበር?» አለችኝ፤ ሃያ ዓመት በአጥር የተጎራበትኳት ሴት።

አልፈራሁም። ተራዬን ለማንም አልሰጠሁም። የሰጠሁት ነገር በዕድሜዬ ብዙ ነው፤ ይህን ግን አልሰጥም። ማንዲፕ የላይኛውን ፎቅ ቁልፍ ሰጥታኛለች። ከነገ ጀምሮ ቀን ቀን እዚያ ወጥቼ፣ እናታችን ትቆምበት የነበረው መንጠቆ ሥር እቀመጣለሁ። ልቀዳ አይደለም። መጥታለች እንዲባል ነው።

አንቺም ነይ። በጎቹ ወልደዋል፣ ማግነስም ይቆይልሽ። ስትገቢ ስሜን አትጥሪ፣ መሣሪያሽንም አታውጪ፤ እዚያ ቤት ውስጥ ስም መጥራት አያስፈልግም። ዝም ብለሽ አጠገቤ ተቀመጪ፣ ጀርባሽን ስጪኝ፣ ተንፍሺ። እኔ ሳወጣ ትሰሚኛለሽ።

ሁለት ወንበር ይዤ ወጥቻለሁ።

ቲርዛ